በክረምት ወራት ወደ በረሃ ፓርኮች ስለሚደረግ ጉዞ

(በራዲዮ ከተሰጠ ንግግር)

በጌዴኦ ዞን በገደብ ወረዳ ከምትገኘው ከባንኮ ጎቲቲ አንድ ቡና ገበሬ የላኩልን ጥያቄ ለዛሬው ንግግራችን መነሻ ሆኖናል። ጠያቂው እንዲህ ይላሉ፤ «ልጆቼ በሐምሌና በነሐሴ ከትምህርት ቤት ያርፋሉ። የቡናው ለቀማ ደግሞ ከጥቅምት በፊት አይደርስም። በዚህ መካከል መኪና ተከራይቼ፣ ባለቤቴንና ሦስቱን ልጆቼን ይዤ፣ በመጽሐፍ ብቻ የሚያውቁትን የበረሃ አገርና የበረሃ አውሬ ላሳያቸው አስቤአለሁ። ወደ አዋሽ ልሂድ ወይስ ወደ ያቤሎ ልውረድ? ለጉዞውስ ምን ማሰናዳት ይገባኛል?»

ጥያቄው አጭር ነው። መልሱ ግን የአምስት ሰዎችን ሕይወት የሚነካ ስለ ሆነ በጥድፊያ የሚሰጥ አይደለም። የቸኮለ አፍሶ ለቀመ ይባላል፤ በበረሃ ግን የፈሰሰ ውሃ አይለቀምም።

በመጀመሪያ በረሃ ስንል ምን ማለታችን እንደ ሆነ እንግለጥ። ብዙ ሰው ይህን ቃል ሲሰማ አሸዋ ብቻ ይታየዋል። በአገራችን ግን በረሃ የሚባለው ዝናብ የሚያጥረው፣ ፀሐይ የሚበረታበት፣ ግራርና ቁጥቋጦ የበቀለበት፣ ወንዙም ከዓመቱ አብዛኛውን ጊዜ ደርቆ የሚቆይ ቆላ ሁሉ ነው። ይህ ዓይነቱ ምድር በስምጥ ሸለቆው ወለልና በምሥራቅ፣ በሰሜን ምሥራቅና በደቡብ ጠረፋችን ተዘርግቶ ይገኛል። ከብሔራዊ ፓርኮቻችንም ብዙዎቹ በዚሁ ውስጥ ናቸው። እንሰትና ቡና በረጃጅም ዛፎች ጥላ ሥር አብረው በሚያድጉበት በጌዴኦ ተወልዶ ላደገ ልጅ፣ ጥላ የሌለበትን አገር ማየት ትልቅ ትምህርት እንደሚሆንለት አያጠራጥርም።

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንግባ። ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ እንዲሉ፣ የዚህ ጉዞ ሥሩ «ክረምት» የሚለው ቃል ነው። እኛ ደገኞች ክረምት ስንል ሐምሌና ነሐሴ፣ ዝናብና ጭቃ፣ ብርድና ደመና ማለታችን ነው። ነገር ግን ክረምት በአገራችን ሁሉ አንድ ዓይነት አይደለም። ዝናብ የሚያመጣው የነፋሳት መጋጠሚያ መቀነት የፀሐይን ጉዞ ተከትሎ በዓመት አንድ ጊዜ ወደ ሰሜን ይወጣል፤ አንድ ጊዜም ወደ ደቡብ ይመለሳል። ሐምሌና ነሐሴ ላይ መቀነቱ ወደ ሰሜን ስለሚርቅ የመካከለኛውና የሰሜኑ ደጋ በዝናብ ይርሳል። ደቡባዊው የቦረና ምድር ግን መቀነቱ ሲወጣ አንድ ጊዜ፣ ሲመለስ ሌላ ጊዜ ዝናብ ያገኝና በመካከሉ ይደርቃል።

ስለዚህም የቦረና ሰዎች ዓመቱን በአራት ይከፍሉታል። ከመጋቢት እስከ ግንቦት ያለው ዋናው ዝናብ፣ ስሙ የልደት በዓላችንን የሚመስለው «ገና» ነው። ከሰኔ እስከ ነሐሴ ያለው ቀዝቃዛና ደረቅ ጊዜ «አዶሌሳ» ይባላል። ከመስከረም እስከ ኅዳር ያለው አነስተኛው ዝናብ «ሃጋያ» ሲሆን፣ ከታኅሣሥ እስከ የካቲት ያለው ብርቱ ደረቅ ወቅት «ቦና» ነው። እንግዲህ በባንኮ ጎቲቲ ሰማዩ በሚያጉረመርምበት በሐምሌ፣ ከዚያው አንድ ቀን በማይሞላ መንገድ ያቤሎ ላይ አዶሌሳ ነው፤ አየሩ ቀዝቀዝ ያለ፣ መንገዱም ደረቅ ነው።

በአዋሽና በአፋር በኩል ግን ነገሩ የተለየ ነው። የአዋሽ ብሔራዊ ፓርክ ከአዲስ አበባ በስተምሥራቅ 225 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ይገኛል። በ1958 ዓ.ም. ተቋቁሞ በ1961 ዓ.ም. በሕግ የጸና፣ ስፋቱም 756 ኪሎ ሜትር ካሬ የሆነ የታወቀ ፓርክ ነው። ቀንዱ እንደ ጦር የተወደረው ሳላ፣ የፈንታሌ ተራራ፣ የአዋሽ ፏፏቴና ፍል ውሃው ሁሉ ሊታዩ የሚገባቸው ናቸው። ይሁን እንጂ ከሰኔ ጀምሮ በአፋር ቆላ ሙቀቱ 40 ዲግሪ ሴንቲግሬድን ማለፉ የተለመደ ነው። ከዚያም ወደ ሰሜን ርቆ በሚገኘው በዳሎል፣ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ከ1960 እስከ 1966 በተደረገው ልኬት የዓመቱ አማካይ ሙቀት ከ34 ዲግሪ በላይ ሆኖ ተገኝቷል። ይህ ቀንና ሌሊቱ፣ በጋና ክረምቱ ተደምሮ ሲካፈል ነው። ስለዚህ አፋርን ማየት የሚሻ ሰው ከኅዳር እስከ ጥር ያለውን ጊዜ መምረጥ ይገባዋል።

ከሙቀቱ ይልቅ የሚያስፈራው ደግሞ ደራሽ ውሃ ነው። በዚህ ነገር ላይ በራሴ የደረሰውን ልንገራችሁ።

ከጥቂት ዓመታት በፊት በነሐሴ ወር ከሁለት ባልደረቦቼ ጋር በምሥራቁ ቆላ ስንጓዝ፣ ከቀትር በኋላ አንድ ደረቅ ወንዝ ዘንድ ደረስን። ሰማዩ እንደ መስተዋት የጠራ ነበር። ከወንዙ መካከል አሸዋው ንጹሕ፣ ከዳሩ ያለው ግራርም ጥላው ሰፊ ስለ ነበረ፣ «ከዚህ የተሻለ ምሳ መብያ ከየት ይገኛል?» ብዬ መኪናውን ከአሸዋው ላይ እንድናቆም ያደረግሁት እኔው ነኝ። ምንጣፋችንን ዘርግተን ገና መቁረስ ስንጀምር፣ ግመሎች የሚጠብቁ አንድ ሽማግሌ ከማዶው ሆነው በበትራቸው እያመለከቱ ይጮኹ ጀመር። ቋንቋቸውን የሚያውቀው ነጂያችን ነበርና ሰምቶ ፊቱ ተለዋወጠ። «ውጡ ይላሉ! ወንዙ የሚተኛው እዚህ ነው፤ የሚነሣው ግን እዚያ ተራራ ላይ ነው ይላሉ» አለን። እኔ በልቤ ስቄ ነበር። ሆኖም ለሽማግሌው አክብሮት ሲባል ምንጣፉን ሰበሰብን፤ መኪናውንም ወደ ዳገቱ አወጣን። ግማሽ ሰዓት እንኳ አልሞላም፤ በመጀመሪያ እንደ ነፋስ ያለ ድምፅ ተሰማ፤ ቀጥሎም ግንድና ድንጋይ የሚያንከባልል ቡናማ ውሃ የተቀመጥንበትን አሸዋ ከዳር እስከ ዳር ሞልቶ አለፈ። በላያችን አንዲት ጠብታ አልወረደችም። ዝናቡ የጣለው ዐይናችን በማያየው ደጋ ላይ ነበር።

እኛን ሽማግሌው አዳኑን። በ1998 ዓ.ም. ክረምት ግን በድሬዳዋ ከተማ፣ ዓመቱን ሙሉ አሸዋ ሆኖ የሚታየው የደቻቱ ወንዝ ከሐረርጌ ደጋ በሌሊት በወረደ ጎርፍ ሞልቶ ከ200 በላይ ሰዎችን ከነቤታቸው ወስዷል። ነገሩ የእኛ አገር ብቻም አይደለም። በአሜሪካ አገር «የሞት ሸለቆ» የሚባል በረሃማ ብሔራዊ ፓርክ አለ። እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ሐምሌ 10 ቀን 1913 ሙቀቱ 56.7 ዲግሪ ደርሶ፣ በዓለም ከተመዘገበው የአየር ሙቀት ሁሉ የበለጠ ሆኖ ተጽፏል። በዚያው ስፍራ በነሐሴ 2023 የዓመቱን ያህል ዝናብ በአንድ ቀን ስለ ጣለበት መንገዶቹ ፈራርሰው ፓርኩ ለሁለት ወር ያህል ተዘግቶ ነበር። በውሃ ጥም የሚታወቅ አገር በውሃ ብዛት ተዘጋ ማለት ነው። የዚያ ፓርክ ጠባቂዎች በሞቃቱ ወራት የሚመጡ እንግዶች ከረፋዱ 4 ሰዓት በኋላ በቆላው ውስጥ በእግር እንዳይሄዱ ይመክራሉ።

እንግዲህ ለጠያቂያችን የምንሰጠው ምክር ይህ ነው፤ በክረምት ወደ አዋሽ ሳይሆን ወደ ደቡብ ይውረዱ። አዋሽን ልጆቹ የግማሽ ዓመት ዕረፍት ሲያገኙ፣ ቡናውም ከተለቀመ በኋላ ቢያሳዩአቸው ይሻላል።

የደቡቡን ጉዞ በሰባት ቀን ከፍለን እንየው። በመጀመሪያው ቀን ከባንኮ ጎቲቲ ተነሥቶ የሞያሌን አውራ ጎዳና ይዞ በቡሌ ሆራ፣ በቀድሞ ስሟ በሀገረ ማርያም በኩል፣ ያቤሎ ይገባል። መንገዱ ከ200 ኪሎ ሜትር ያነሰ ስለ ሆነ መቸኮል አያስፈልግም። በመንገድ ላይ የእንሰቱና የቡናው ጥላ እየሳሳ፣ አፈሩ እየቀላ፣ የግራሩ ዘውድ እየተንጣለለ ሲሄድ ልጆች በዐይናቸው እንዲከታተሉት ማድረግ ነው።

ሁለተኛውን ቀን ለያቤሎ የዱር አራዊት መጠለያ መስጠት ይገባል። የሜዳ አህያ፣ ሰጎንና የሜዳ ፍየል በዚያ ይታያሉ። ከሁሉ የሚደንቀው ግን አንድ ወፍ ነው። የቁራ ዘመድ ሲሆን አካሉ ግራጫ፣ ክንፉና ጅራቱ ጥቁር፣ በዐይኑ ዙሪያ ያለው ቆዳ ሰማያዊ ነው። እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር በ1938 ለሳይንስ የታወቀው ይህ ወፍ በያቤሎ፣ በሜጋና በአሬሮ አካባቢ ካልሆነ በቀር በዓለም ላይ በሌላ ስፍራ አይገኝም። ሊቃውንት ምክንያቱን መርምረው የደረሱበት፣ ያ ስፍራ ከዙሪያው ቆላ ይልቅ ቀዝቃዛ መሆኑን ነው። ወፉ ከዚያ ወጥቶ ወደ ሞቃቱ ምድር ቢሄድ ምግቡን እንደሚገባ መፈለግ አይችልም። ክንፍ ያለው ፍጥረት እንኳ የሙቀትን ወሰን አውቆ ይኖራል፤ መኪና ያለው ሰው ግን ይረሳዋል።

በሦስተኛው ቀን በቦረና ብሔራዊ ፓርክ ክልል ወደሚገኘው ወደ ኤል ሶድ መውረድ ይቻላል። ይህ በጥንት እሳተ ገሞራ አፍ ውስጥ የተኛ ጥቁር የጨው ሐይቅ ነው። ሰዎች ገብተው ከሥሩ ጨውና ጭቃ ያወጣሉ፤ አህዮችም ጭነቱን በቀጭኑ መንገድ ይዘው ይወጣሉ። እዚህ ላይ አንድ ጥንቃቄ አለ፤ መውረዱ በጠዋት፣ በቀላል እግር ይሆናል፤ መውጣቱ ግን በቀትር፣ በደከመ ጉልበት ይሆናል። ስለዚህ ለመውጫው የሚሆነው ውሃ በመውረጃው ላይ መጠጣት የለበትም።

በአራተኛው ቀን ከያቤሎ ወደ ኮንሶ 105 ኪሎ ሜትር ያህል ይኬዳል። መንገዱ ወደ ሰገን ሸለቆ ስለሚወርድ ሙቀቱ ይጨምራል። ኮንሶ ሲደርሱ፣ በ2003 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት የተመዘገበውን የድንጋይ እርከን ማየት ነው። ጌዴኦም የራሱን የእርሻና የደን ሥርዓት በ2016 ዓ.ም. መጀመሪያ በዚያው መዝገብ ስላስገባ፣ አንዱ በዛፍ፣ አንዱ በድንጋይ አፈሩን እንዴት እንዳዳነ አባት ለልጁ ሊያነጻጽርለት ይችላል። አምስተኛውና ስድስተኛው ቀን ለአርባ ምንጭና ለነጭ ሣር ብሔራዊ ፓርክ ይሁን። ይህ በአባያና በጫሞ ሐይቆች መካከል የሚገኝ፣ በ1966 ዓ.ም. የተቋቋመና 514 ኪሎ ሜትር ካሬ የሚሸፍን ፓርክ ነው። የጫሞ አዞዎች ከጀልባ ላይ ሲታዩ ለልጆች የማይረሳ ትዝታ ይሆናሉ። ወደ ሜዳው የሚወስደው መንገድ ግን ወጣ ገባ ስለ ሆነ በአራቱም ቸርኬ የሚጎትት መኪና ያስፈልገዋል። በሰባተኛው ቀን በሶዶ፣ በሻሸመኔ፣ በሐዋሳና በዲላ በኩል ወደ ቤት መመለስ ነው።

ከዚህ በኋላ ስለ ስንቁ እንናገር። ከሁሉ በፊት የሚቆጠረው ውሃ ነው። በሞቃት አገር አንድ ሰው ለመጠጥ ብቻ በቀን ከአራት ሊትር ያላነሰ ያስፈልገዋል፤ እኛ ለጥንቃቄ አምስት እንበል። ለአምስት ሰዎችና ለነጂው በቀን 30 ሊትር ይሆናል። ውሃ በማይገኝበት መንገድ ላይ ሁለት ቀን እንደሚቆዩ ቢያስቡ 60 ሊትር፣ መኪና ቢበላሽ ለአንድ ቀን መጠባበቂያ 30 ሊትር፣ በድምሩ 90 ሊትር ነው። ለራዲያተሩ የሚሆነው ለብቻው 10 ሊትር ቢያዝ፣ አምስት ባለ 20 ሊትር ጀሪካን ይሞላል ማለት ነው። ውሃውን ሁሉ በአንድ ትልቅ በርሜል መያዝ ስሕተት ነው፤ እርሱ ከተቀደደ ሁሉም ያልቃልና።

ነዳጅም እንደዚሁ በቁጥር ይሰላል። በአስፋልት 100 ኪሎ ሜትርን በ12 ሊትር የሚሄድ መኪና፣ በአሸዋና በወጣ ገባ መንገድ በዝቅተኛ ማርሽ ሲጎትት እስከ 18 ሊትር ሊፈልግ ይችላል። በቆላ ከተሞች ማደያው ሁልጊዜ ነዳጅ አይኖረውምና፣ ታንኩ ከግማሽ ሳይወርድ በተገኘበት መሙላት ልማድ ይሁን። ሁለት መለዋወጫ ጎማ፣ ጎማ መንፊያ፣ ክሪክና ከሥሩ የሚነጠፍ ጣውላ፣ አካፋ፣ መጎተቻ ገመድ፣ የእጅ ባትሪ፣ መድኃኒትና አጎበር መርሳት አይገባም። ክሪክ ያለ ጣውላ በአሸዋ ላይ ቢቆም መኪናውን ማንሣቱ ቀርቶ ራሱ ይሰምጣል። የጎማውም አየር የሚለካው በማለዳ፣ ጎማው ሳይሞቅ ነው።

መኪናው በአሸዋ ቢያዝ ነዳጅ እየሰጡ ቸርኬውን ማሽከርከር ጉድጓዱን ከማጥለቅ በቀር ሌላ ጥቅም የለውም። ወርዶ አሸዋውን መጥረግ፣ ከጎማው ጥቂት አየር ማስተንፈስ፣ ቅርንጫፍ ወይም ጆንያ ከሥሩ ማንጠፍ፣ ከወጡም በኋላ አየሩን መልሶ መሙላት ነው። ዋልካ መሬት ላይ ዝናብ ከጣለ ግን መታገል አይረባም፤ እስኪደርቅ መጠበቅ ነው። መኪናው ጨርሶ ቢቆም ደግሞ ከእርሱ መራቅ አይገባም። ከሩቅ የሚታየው፣ ጥላም የሚሰጠው መኪናው ነው፤ በእግር የተበተነ ሰው ግን ቶሎ አይገኝም።

ወላጆች በተለይ የልጆቻቸውን ሁኔታ ይመልከቱ። ልጅ ራስ ምታትና ማቅለሽለሽ ቢይዘው፣ ቢደክም፣ ሽንቱ ቢያንስና ቢጠቁር፣ ውሃ አንሶታል። በጥላ አስቀምጦ ጥቂት በጥቂት ማጠጣት ያስፈልጋል። በአንድ ሊትር ንጹሕ ውሃ ስድስት የሻይ ማንኪያ ስኳርና ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ ማንኪያውን ሳይቆልሉ ለክቶ መበጥበጥ ይጠቅማል። ሰውነቱ እንደ እሳት ግሎ የሚቀባዥር ወይም ራሱን የሚስት ከሆነ ግን ጉዳዩ የሞትና የሕይወት ነው። ልብሱን አውልቆ፣ ገላውን በውሃ አርሶ፣ እያራገቡ ያለ መዘግየት ወደ ጤና ጣቢያ ማድረስ ነው። ራሱን ለሳተ ሰው በአፉ ውሃ መስጠት አይገባም፤ ያንቀዋልና።

ስለ ውሃ ስንናገር የአገሩን ባለቤቶች መርሳት ነውር ነው። በቦረና «ቱላ» የሚባሉ ጥልቅ ጉድጓዶች አሉ። ሰዎች ከታች እስከ ላይ በተርታ ቆመው፣ እየዘፈኑ፣ ውሃውን ከእጅ ወደ እጅ እየተቀባበሉ ለከብቶቻቸው ያወጣሉ። የማጠጣቱንም ተራ የሚያስከብር «አባ ሄሬጋ» የሚባል ኀላፊ አላቸው። ከ2013 እስከ 2015 ዓ.ም. አምስት የዝናብ ወቅቶች በተከታታይ ስለ ቀሩ፣ በዚያ አገር ስፍር ቁጥር የሌለው ከብት አልቋል። እንዲህ ያለ መከራ ያየ ሕዝብ ለእንግዳ ውሃ አይከለክልም፤ ይሁን እንጂ እንግዳው ሳይጠይቅ መቅዳት፣ ይልቁንም በዚያ ውሃ መኪና ማጠብ ታላቅ በደል ነው። ፎቶግራፍም ቢሆን በፈቃድ ይነሣል።

በመጨረሻም ከመነሣት በፊት የመንገዱን ጸጥታ ከየአስተዳደሩና ከመንገደኞች ማጣራት ግዴታ ነው። በ2010 ዓ.ም. በጌዴኦና በምዕራብ ጉጂ ወሰን በተነሣው ግጭት እጅግ ብዙ ሕዝብ ከቀዬው እንደ ተፈናቀለ፣ ተፈናቃዮችም በጎቲቲ እንደ ተጠለሉ፣ የባንኮ ጎቲቲ ሰው ከእኛ ይልቅ ያውቀዋል። መንገድ የሚቀናው በአስፋልት ብቻ ሳይሆን በሰዎችም መስማማት ነው። የሚሄዱበትን መንገድና የሚመለሱበትን ቀን በቤት ለሚቀር ሰው ጽፎ መተው፣ በፓርኩም በር ፈቃድ ተቀብሎ የአገሩን ሰው መሪ አድርጎ መያዝ ይገባል።

ክቡራን አድማጮቻችን፤ ከዚህ ሁሉ አንዱን ብቻ የሚይዝ ሰው ቢኖር ይህን ይያዝ። በበረሃ የሚጓዝ ሰው የቆመበትን ሰማይ ብቻ አይቶ አይፍረድ፤ ዝናቡ የት እየጣለ እንደ ሆነ ይጠይቅ። እኔ በዚያ ነሐሴ ቀን መኪና፣ ካርታና የጠራ ሰማይ ነበረኝ። ሽማግሌው የነበራቸው በትርና የአገራቸው ዕውቀት ብቻ ነበር። ዛሬ ከእናንተ ጋር እንድነጋገር ያበቃኝ የእርሳቸው ዕውቀት ነው። የባንኮ ጎቲቲው ወዳጃችንም ከነቤተሰባቸው በሰላም ወርደው በሰላም እንዲመለሱ፣ ልጆቻቸውም ለመስከረም ትምህርት ያዩትን የሚተርኩ እንዲሆኑ ከልብ እንመኛለን።

መልካም መንገድ ይሁንላችሁ።